የእትዬ አስካለ ስምንት ደቂቃ

ባለፈው ጥቅምት የሱቄን ቁልፍ ለአዲሱ ተከራይ አስረከብኩ። ሰውየው ሞባይል ሊሸጥበት ነው። ምንም አልመሰለኝም ብል ውሸት ይሆናል። ግን ዓይኔ እንደ ድሮው አይደለም፤ ወረንጦ ስይዝ እጄ መንቀጥቀጥ ከጀመረም ሁለት ዓመት አልፎታል። ዛሬ ደግሞ ሰዓቱ የቆመበት ሰው ባትሪ ይቀይራል፣ ካልሆነለትም አውጥቶ ይጥለዋል። ሠሪ ዘንድ ሰጥቶ ሦስት ቀን የሚጠብቅ ሰው ከጠፋ ቆይቷል።

ዕቃዬን ስሸክፍ ልታግዘኝ የመጣችው ልጄ፣ «አባዬ፣ በእጅህ ካለፉት ሰዓቶች ሁሉ የማትረሳው የቱን ነው?» አለችኝ። የአንድ ባለሥልጣን የወርቅ ሰዓት ወይም የሆነ ቤተ መንግሥት የግድግዳ ሰዓት እንድነግራት ጠብቃ ነበር መሰለኝ። እኔ ግን ወዲያው ትዝ ያለኝ የቼዝ ሰዓት ነው። ያን ቀን በሁለት ቃል ብቻ መለስኩላት። አሁን ሥራ ፈት ስለሆንኩ ቁጭ ብዬ በሙሉ ልጽፍላት።

ከጎጃም አዲስ አበባ የገባሁት በጃንሆይ ጊዜ ነው፤ ሃያ አንድ ዓመቴ ነበር። መጀመሪያ የተቀጠርኩት ሀብተ ጊዮርጊስ ድልድይ አጠገብ አንድ ጣሊያን ጋራዥ ውስጥ ነው። ባለቤቱን ሲኞር ነበር የምንለው። ካቻቢቴ አያያዜን አይቶ የመኪና የፍጥነት መቁጠሪያ መፍታትና መግጠም አስተማረኝ። አምስት ዓመት እዚያ ሠራሁ። ሲኞሩ ጠቅልሎ አገሩ ሲገባ የምስክር ወረቀት በጣሊያንኛ ጽፎ ሰጠኝ። የሚያነብልኝ ስላላገኘሁ ምን እንደሚል እስከ ዛሬ አላውቅም።

ያንኑ ወረቀት ይዤ ጋሽ ወልደየስ ዘንድ ሄድኩ። ጋሽ ወልደየስ ከአንዋር መስጊድ ወደ ጭድ ተራ በሚያወርደው መንገድ ላይ የሰዓት መጠገኛ ሱቅ ነበራቸው። ወረቀቱን ገልበጥ አድርገው አዩና መለሱልኝ። ከዚያ አንድ የጠረጴዛ ሰዓት አንሥተው ጆሮዬ ላይ አደረጉልኝ።

«ምን ይላል?» አሉኝ።

«ይቆጥራል።»

«ሁሉም ይቆጥራል። እንዴት ነው የሚቆጥረው?»

ዓይኔን ጨፍኜ አዳመጥኩ። አንዱ ምት ረዘም፣ ሌላው አጠር ይላል።

«ያነክሳል» አልኳቸው።

«ነገ በጠዋት ና» አሉኝ። ከዚያ በኋላ አሥራ አንድ ዓመት አብሬያቸው ሠርቻለሁ።

ቀጭን፣ ረጅም፣ ድምፃቸው የማይሰማ ሰው ነበሩ። ጠዋት ሲገቡ እጃቸውን እስከ ክርናቸው በሳሙና ይታጠባሉ፤ ከዚያ በፊት ሰላም እንኳ አይጨብጡም። ደንበኛ ሰዓት ሲያመጣ ፊቱ አይከፍቱትም። ሰውየው እስኪሄድ ጠብቀው፣ ጆሯቸው ላይ አድርገው፣ ጎረቤት ያለው ልብስ ሰፊ ሲንጀሩን ቢያስጮኸው እንኳ ሳይሰለቹ ያዳምጡታል። ዘይት የሚጨምሩት በመርፌ ጫፍ ነው። በማጉሊያ መነጽር ካልሆነ የማትታይ ጠብታ ትሆናለች፣ እሷንም ሁለቴ አስበው ነው የሚያስነኩት። ጥገናው ካለቀ በኋላ ሰዓቱን አንድ ቀን አስተኝተው፣ አንድ ቀን አቁመው፣ አንድ ቀን ሰቅለው ያዩታል። ደንበኛው ሲመጣ «ተሠርቷል» ብለው አያውቁም። «ይሄዳል» ነው የሚሉት።

የቼዝ ሰዓት የመጣልን ሱቁ በገባሁ በሁለተኛው ዓመት ነው። ከመርካቶ ወደ ፒያሳ በሚወጣው መንገድ ላይ አንድ የቼዝ ክለብ ነበር። አባሎቹ ከውጭ የተመለሱ ተማሪዎች፣ የመሥሪያ ቤት ሰዎች፣ አንዳንድ መኮንኖችና ጥቂት ፈረንጆች ነበሩ። አንድ ቀን ሻምበል ንጉሤ የሚባሉ የክለቡ አባል ስድስት የእንጨት ሣጥን በጆንያ ይዘው ገቡ። በየሣጥኑ ውስጥ ጎን ለጎን የተገጠሙ ሁለት ሰዓቶች አሉ።

ሻምበሉ አሠራሩን አስረዱን። ተጫዋቹ ጠጠሩን አንቀሳቅሶ ከላይ ያለውን ቁልፍ ሲመታ የራሱ ሰዓት ይቆማል፣ የባላጋራው ይነሣል። አሥራ ሁለት ቁጥር አጠገብ አንዲት ትንሽ ቀይ ባንዲራ አለች። የደቂቃ ቆጣሪው ወደ አሥራ ሁለት ሲጠጋ ባንዲራዋን ቀስ አድርጎ ያነሣታል፤ ሰዓቱ ሲሞላ ይለቃታል፣ ትወድቃለች። በክለቡ ደንብ አንድ ሰው በሁለት ሰዓት ውስጥ አርባ እርምጃ መጨረስ አለበት። ሳይጨርስ ባንዲራው ከወደቀ፣ ገበታው ላይ ምንም ያህል ቢመራ ተሸንፏል።

ጋሽ ወልደየስ አንዱን ሣጥን አንሥተው ገለባበጡት።

«በአንድ ጨዋታ ስንት ጊዜ ይመታል?» ብለው ጠየቁ።

«ሁለቱ ተጫዋቾች ተደምረው ሰማንያ ጊዜ፤ ሲራዘም ከዚያም በላይ» አሉ ሻምበሉ።

«እንግዲያው ሳልጫወትበት ይሄዳል ልልዎት አልችልም። ጨዋታውን ያስተምሩንና እንጠግነዋለን።»

ሻምበል ንጉሤ ሳቁ፤ ግን በሳምንቱ ገበታና ጠጠር ይዘው መጡ። ከዚያ ወዲህ ሱቃችን ውስጥ ገበታ ተዘርግቶ የማይውልበት ቀን አልነበረም። ጥገናው ያለቀ የቼዝ ሰዓት ሁሉ ሁለት ሙሉ ጨዋታ ሳንጫወትበት፣ ከግድግዳው ትልቅ ሰዓት ጋር ሳናመሳክረው ከሱቅ አይወጣም ነበር።

እትዬ አስካለ የመጡት በዚህ ጊዜ ነው። ጭድ ተራ ውስጥ ጭድና ድርቆሽ በጅምላ የሚሸጡ፣ አርባ ዓመት የሚሆናቸው ሴት ነበሩ። ነጠላቸው ላይ ሁልጊዜ የጭድ ስባሪ አይጠፋም። የሟች አባታቸውን የኪስ ሰዓት ሊያሠሩ መጥተው ጋሽ ወልደየስና እኔ ስንጫወት አገኙን። ጥቂት ቆመው አዩና ጋሽ ወልደየስን፣ «ፈረሱን ለምን አስረው ያስቀምጡታል?» አሏቸው።

ጋሽ ወልደየስ ቀና ብለው አይተዋቸው ወንበራቸውን ለቀቁላቸው። እትዬ አስካለ ተቀምጠው በሃያ እርምጃ ውስጥ የእኔን ንጉሥ መሄጃ አሳጡት።

አባታቸው የአንድ መኳንንት ቤት አጋፋሪ ነበሩ። ከጌታቸው ጋር ሰንጠረዥ የሚባለውን የድሮውን ያገራችንን ቼዝ ስለሚጫወቱ፣ ወንድ ልጅ ስላልነበራቸው ማታ ማታ ከሴት ልጃቸው ጋር ይለማመዱ ነበር። በዚያ ጨዋታ መጀመሪያ ላይ ተራ የሚባል ነገር የለም። የመጀመሪያው ጠጠር እስኪበላ ሁለቱም እንዳሻቸው ይነዳሉ። «ስለዚህ አባቴ ሲያስተምረኝ የእኔን አላይም ነበር፣ የእሱን እጅ ነው የማየው» ይሉ ነበር። የአዲሱን ጨዋታ ደንብ በአንድ ሳምንት ተማሩ። እርምጃቸውን ወረቀት ላይ መመዝገብ ግድ ሲሆን የፈረንጁን ፊደል ትተው ስምንቱን ረድፍ ሀ፣ ለ፣ ሐ፣ መ እያሉ በራሳቸው ሰየሙት።

በዓመቱ ሻምበል ንጉሤ እሳቸውን ማሸነፍ አቃታቸው። ሻምበሉ ቂም የሚይዙ ሰው አልነበሩም። ራሳቸው ክለብ ወሰዷቸው። በር ላይ ዘበኛው፣ «እትዬ፣ ማንን ፈልገው ነው?» አላቸው። «የሚጫወት ሰው» አሉት። በመጀመሪያው ዓመት ውድድር አራተኛ ወጡ፣ በሚቀጥለው ሁለተኛ። እኔም በዚያው የክለቡ ሰዓት ተቆጣጣሪ ሆኜ ቅዳሜና እሑድ ከሰዓት በኋላ መሥራት ጀመርኩ። አበሉ የታክሲ ነበር፤ ግን ደስ ይለኝ ነበር።

የእነዚያ ዓመታት ነገር ዛሬም ይናፍቀኛል። ሻምበል ንጉሤ ከውጭ የሚመጡ የቼዝ መጽሔቶች ነበሯቸው። እሑድ ጨዋታው ካለቀ በኋላ የታላላቆቹን ተጫዋቾች ታሪክ እየተረጎሙ ያነቡልን ነበር። አንዱ በጦርነት ጊዜ በረሃብ መካከል ጨዋታ የተማረ ነው፤ ሌላው የሙዚቃ ሰው ነበረ፤ አንዱ ዓመታት ሙሉ ሁለተኛ ሲወጣ ኖሮ ፀጉሩ ከሸበተ በኋላ አንደኛ የሆነ። ግራንድ ማስተር የሚባለው ማዕረግ እንዴት እንደሚገኝም ያን ጊዜ ነው የሰማነው።

«ሹመት አይደለም» አሉ ሻምበሉ። «ማዕረጉን ከያዙት ጋር በትልልቅ ውድድር ላይ ተቀምጠህ፣ የተወሰነ ነጥብ ማግኘት አለብህ። አንድ ጊዜ አይበቃም፣ ትደግመዋለህ።»

እትዬ አስካለ በጥሞና ሰሙና፣ «እነሱ ጋ ለመቀመጥ ወዴት ነው የሚኬደው?» አሉ።

«ውጭ አገር ነው። አገር ሰው ስትልክ።»

«የጭድ ነጋዴ ትልካለች?»

ሻምበል ንጉሤ መጽሔቱን አጠፉት። «ካሸነፉ ምን ብለው ይከለክሉዎታል?» አሉ።

በቀጣዩ ዓመት ነገሩ የምር ሆነ። ክለቡ ከውድድሩ አንደኛ የሚወጣውን ሰው ውጭ አገር ለሚደረግ ትልቅ ውድድር እንደሚልክ ታወቀ። ብዙ ግራንድ ማስተሮች የሚመጡበት ነው ተባለ። እትዬ አስካለ ለማንም ብዙ አልተናገሩም። ጭድ ተራ ግን ወሬው ለአህያ ነጂዎቹ ሳይቀር ደርሶ ነበር። አንዱ ጭነት አራጋፊ፣ «እትዬ፣ አይሮፕላኑ ላይ ጭድ አይጭኑም?» እያለ ይቀልድባቸው ነበር፤ እሳቸውም ይስቁ ነበር።

አሥር ተጫዋች፣ ዘጠኝ ዙር። ስምንቱ ዙር ሲያልቅ እትዬ አስካለና ሻምበል ንጉሤ እኩል ስድስት ተኩል ነጥብ ነበራቸው። የመጨረሻው ዙር ደግሞ እርስ በርሳቸው ነው።

በዚያ ሳምንት ጋሽ ወልደየስ ለወንድማቸው ተዝካር አገር ቤት ሄደው ነበር። ፋሲካ ደርሷል፣ የሠርግ ሰሞን እየመጣ ነው፤ ሱቁ የእጅ ሰዓት ይዞ በሚመጣ ሰው ተጨናንቋል። ከክለቡ ሰዓቶች አንዱ እየዘገየ ስላስቸገረ ዓርብ ዕለት ፈታሁት። አጸዳሁት፣ ዘይት ጨመርኩለት። እንደ ጋሽ ወልደየስ በመርፌ ጫፍ መሆን ሲገባው ቸኩዬ በወፍራሙ የዘይት መንከሪያ ነካሁት። አስተኝቼ አየሁት፣ ደህና ነው። አቆምኩት፣ ደህና ነው። መጫወት ቀረ። ማን ጊዜ ነበረው? ቅዳሜ ጠዋት ሣጥኑን ዘግቼ ወደ ክለብ ወሰድኩት። በእጣ ደግሞ የደረሰው ለመጨረሻው ጨዋታ ገበታ ነው።

እሑድ ልክ ስምንት ሰዓት ላይ ዳኛው ጨዋታውን አስጀመሩ። እኔው ራሴ መዝገቡ ላይ «ስምንት ሰዓት» ብዬ ጻፍኩ። አዳራሹ ሞልቶ ነበር። የጭድ ተራ ሰዎች ጋቢያቸውን ደርበው ከኋላ ቆመዋል። እትዬ አስካለ ነጭ ነጠላቸውን አጣፍተው፣ እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው ነው የሚጫወቱት። ሻምበሉ ኮታቸውን አውልቀው ወንበር ላይ ሰቀሉ።

ያን ጨዋታ እስከ ዛሬ በቃሌ አውቀዋለሁ። እትዬ አስካለ አንድ ወታደር በነፃ ሰጥተው የሻምበሉን ንጉሥ አጋለጡት። በሃያ ስምንተኛው እርምጃ የሰጡትን ወታደር መለሱ፤ በሠላሳ ሦስተኛው ሁለት ወታደር አተረፉ። ንግሥቶቹ ተበላልተው ወጡ፣ ለእያንዳንዳቸው አንዳንድ ግንብ ቀረ። ጨዋታ የሚያውቅ ሰው ሁሉ ነገሩ እንዳለቀ ገብቶታል። ሻምበል ንጉሤ ራሳቸው ግንባራቸውን ይዘው ነበር። እትዬ አስካለ ሠላሳ ሰባተኛውን እርምጃ ተጫውተው፣ ቁልፉን መቱ፤ ሻምበሉ ወዲያው መለሱ። እትዬ አስካለ ሰዓታቸውን ቀና ብለው አዩ፣ ባንዲራዋ ተነሥታለች። እጃቸውን ወደ ግንቡ ሰደዱ። ጠጠሩን ሳይነኩት ባንዲራዋ ወደቀች።

ሦስት እርምጃ ቀርቷቸው ነበር።

ዳኛው መጥተው ሰዓቱን አቆሙ። እኔም መዝገቤን ይዤ ቀረብኩ። የእትዬ አስካለ ሰዓት ሁለት ሰዓት ሞልቷል። የሻምበሉ አንድ ሰዓት ከአርባ ስምንት ደቂቃ ይላል። ሁለቱ ሲደመሩ ሦስት ሰዓት ከአርባ ስምንት ነው። አንዱ ሲቆም ሌላው ስለሚሄድ፣ ድምሩ ጨዋታው ከተጀመረ ጀምሮ ካለፈው ጊዜ ጋር እኩል መሆን አለበት። የእጄን ሰዓት አየሁ። አሥራ አንድ ሰዓት ከአርባ ነው። ከተጀመረ ሦስት ሰዓት ከአርባ ደቂቃ ብቻ ነው ያለፈው። ስምንት ደቂቃ ከየት መጣ?

እትዬ አስካለ ቀና ብለው፣ «ይሄ ሰዓት ቸኮለብኝ» አሉ በዝግታ።

ዳኛው ወደ እኔ ዞሩ። «ሰዓቱ ደህና ነው?» አሉኝ።

ያ ሁሉ ሕዝብ አየኝ። ከስምንት ሰዓት ቀድሞ ተጀምሮ ነው፣ የእጄ ሰዓት ዘግይቶ ነው፣ እያልኩ በአንድ አፍታ ውስጥ ብዙ ምክንያት ደረደርኩ። እውነቱ ግን ፈርቼ ነበር። ሳልጫወትበት ማምጣቴ በዚያ ሁሉ ሰው ፊት ሊወጣ ነው።

«ደህና ነው» አልኩ።

እትዬ አስካለ ወረቀቱ ላይ ፈርመው፣ ሻምበሉን ጨብጠው ወጡ።

ሰኞ ጠዋት ጋሽ ወልደየስ ከአገር ቤት ተመልሰው ሱቅ አገኙኝ። ገና ሲያዩኝ የሆነ ነገር እንዳለ ገባቸው። ሁሉንም ነገርኳቸው። አልተቆጡም። እጃቸውን ታጠቡ፣ ከክለቡ ይዤው የተመለስኩትን ሣጥን ከፊቴ አስቀመጡና፣ «አጫውተው» አሉኝ።

ገበታ ዘርግተን ፊት ለፊት ተቀመጥን። የእሑዱን ጨዋታ ከመዝገቡ እያነበብኩ፣ እያንዳንዱን እርምጃ በወሰደው ጊዜ ልክ እየጠበቅን፣ ቁልፉን እየመታን ደገምነው። በመጨረሻ የግድግዳውን ሰዓት አየን። የሣጥኑ ሰዓት ቀድሞታል፤ ስምንት ደቂቃ ሊሞላ የቀረው ጥቂት ሴኮንድ ነው።

ጋሽ ወልደየስ የኋላውን ክዳን ከፍተው በማጉሊያ አዩና መነጽሩን አቀበሉኝ። ሰዓት ውስጥ እንደ ፀጉር የቀጠነች፣ ክብ የተጠቀለለች ሞላ አለች። ስትሰፋና ስትጠብ ነው ሰዓቱ የሚቆጥረው። የእኔ ዘይት ወደ እሷ ሄዷል። ሰዓቱ ዝም ብሎ ሲቀመጥ ምንም አይል። ቁልፉ ሲመታ ግን ሞላዋ ትናጣለች፣ ዘይት የነካቸው ጥቅልሎቿ ይጣበቃሉ፣ በዚያው ታጥራለች። ባጠረች ልክ ሰዓቱ ይፈጥናል።

«ይሄ የእጅ ስህተት ነው» አሉኝ ጋሽ ወልደየስ። «በሦስት ቀን ይታረማል። ዳኛው የጠየቀህን ግን እኔ ልጠግንልህ አልችልም። ሂድ።»

ጭድ ተራ ስደርስ እትዬ አስካለ ጭነት እያስወረዱ ነበር። አቧራው ዓይን አያስገልጥም። ወደ ጥግ ጠራኋቸው።

«እትዬ፣ ሰዓቱ ይፈጥን ነበር።»

«ስንት?»

«ስምንት ደቂቃ።»

«መቼ ነው ያወቅከው?» አሉኝ።

ዛሬ ጠዋት ማለት እችል ነበር። ምላሴ ላይ መጥቶም ነበር። «እዚያው» አልኳቸው። «ዳኛው ሲጠይቁኝ አውቄያለሁ።»

ነጠላቸው ላይ ያለውን ጭድ አንድ በአንድ ለቀሙ። ፊቴን አላዩኝም።

«ሦስት እርምጃ ነበር የቀረኝ» አሉ።

«አውቃለሁ።»

«ስምንት ደቂቃ ለሦስት እርምጃ።» ወደ ጭነቱ ዞሩ። «በል ሂድ፣ ሥራህን ሥራ። እኔም ሥራ አለብኝ።»

ያንኑ ቀን ለኮሚቴው በጽሑፍ አመለከትኩ። ሐሙስ ጠሩኝ። ሻምበል ንጉሤም ነበሩ። ሊቀመንበሩ ማመልከቻዬን ሁለት ጊዜ አነበቡና፣ ተቃውሞ መቅረብ ያለበት ጨዋታው ሳይፈረም ነው፣ ተጫዋቿ ፈርመዋል፣ የአሸናፊው ስምም ለሚመለከተው ክፍል ተልኳል አሉ። ሻምበል ንጉሤ፣ «እኔ ድጋሚ ለመጫወት ፈቃደኛ ነኝ» አሉ። ሊቀመንበሩ፣ «ሻምበል፣ ፓስፖርቱ ወጥቷል» ብለው ፋይሉን ዘጉት። ሻምበሉ ተከራክረው አልገፉበትም። እኔም ከሰዓት ተቆጣጣሪነት ተሰናበትኩ፤ አልከፋኝም፣ የሚገባኝ ነበር።

ሻምበል ንጉሤ ሄዱ። ከአንድ ግራንድ ማስተር ጋር አቻ ወጥተው፣ የቀረውን አብዛኛውን ተሸንፈው ተመለሱ። እትዬ አስካለ የአባታቸው ሰዓት ዳግመኛ ሲቆም ለሌላ ሠሪ መስጠታቸውን ከሰው ሰማሁ። ከዚያ ወዲህ ክለብ አልረገጡም። በጎዳና ስንገናኝ ሰላምታ አይነፍጉኝም፣ ግን ቆመው አያወሩኝም። ጋሽ ወልደየስ በታመሙ ጊዜ ሊጠይቋቸው መጥተው በሩ ላይ አገኘኋቸው። «እንዴት አደሩ?» አልኳቸው፣ «እግዚአብሔር ይመስገን» ብለው ገቡ። ጋሽ ወልደየስ በዚያው ዓመት አረፉ። ሱቁን ለእኔ ተዉልኝ። እኔም የቼዝ ሰዓት ማንም ባያመጣልኝም ገበታውን ከቦታው አላነሣሁትም።

ከዚያ ጨዋታ ወዲህ አምስት ዓመት ያህል አለፈ። የጃንሆይ ዘመን ሊያበቃ ጥቂት ሲቀረው አንድ ግራንድ ማስተር ለጉብኝት አዲስ አበባ መጣ። ከምሥራቅ አውሮፓ ነው። የአገሩን ሻምፒዮና ደጋግሞ ያሸነፈ፣ ከዓለም ሻምፒዮኖች ጋር ሳይቀር አቻ የወጣና አንዳንዶቹንም የረታ ሰው መሆኑን መጽሔቱ ላይ አንብበን ነበር። በክለቡ አዳራሽ ብቻውን ከሃያ ሰው ጋር በአንድ ጊዜ ሊጫወት ተስማማ። ሻምበል ንጉሤ ያን ጊዜ ሻለቃ ሆነዋል። ጭድ ተራ ራሳቸው ሄደው እትዬ አስካለን ለመኗቸው። ምን እንዳሏቸው አላውቅም። ብቻ እሑድ ዕለት እትዬ አስካለ መጡ። እኔም ከተመልካቹ መካከል ነበርኩ።

ገበታዎቹ በረጅሙ ተደርድረዋል። ግራንድ ማስተሩ አጭር፣ ወፍራም፣ ሹራብ የለበሰ ሰው ነው። ከገበታ ገበታ እየተራመደ አንዴ አይቶ አንድ ጠጠር ያነሣና ያልፋል። በመጀመሪያው ሰዓት ስድስት ሰው ወደቀ፤ በሁለተኛው ስምንት። እትዬ አስካለ ዘንድ ሲደርስ ግን መዘግየት ጀመረ። አንዴ አገጩን ይዞ ቆመ። ቀጥሎ ሲመጣ ጠረጴዛውን ተደግፎ ቆመ። ሌላው ሁሉ አልቆ የእሳቸው ገበታ ብቻ ሲቀር ወንበር ስቦ ፊት ለፊታቸው ተቀመጠ።

የቀረው ለእያንዳንዳቸው አንድ ግንብና ጥቂት ወታደር ነው፤ የእትዬ አስካለ በአንድ ይበልጣል። ብዙ ተጫወቱ። በመጨረሻ ሰውየው በፈረንጅኛ አንድ ነገር ተናገረ። ሻለቃ ንጉሤ ተረጎሙ።

«አቻ ይሁን ይላል።»

«ለምን? አንድ ወታደር አለኝ» አሉ እትዬ አስካለ። «ያሳየኝ።»

ሻለቃው ፈገግ ብለው ነገሩት። ግራንድ ማስተሩ አልተቀየመም። የሁለቱንም ጠጠሮች እያንቀሳቀሰ ሰባት ስምንት እርምጃ አሳየ፤ ወታደሯ የትም አትደርስም። እትዬ አስካለ ወደ ኋላ መልሰው ሌላ መንገድ ሞከሩበት፣ እሱንም ዘጋባቸው። ሦስተኛውን ራሳቸው አስበው ተዉት። ከዚያ እጃቸውን ዘረጉለት። አዳራሹ አጨበጨበ።

ሰውየው እጃቸውን ሳይለቅ ጠየቀ። ሻለቃው፣ «ውጭ አገር የትኛው ውድድር ላይ ነው የተጫወቱት ይላል» አሏቸው።

«የትም አልሄድኩም ይበሉት።»

ሻለቃ ንጉሤ አልተረጎሙም። ጥቂት መሬት መሬቱን አዩና በፈረንጅኛ ረዘም አድርገው ተናገሩ። ሰውየው ቅንድቡን ሰብስቦ አዳመጠ። ከዚያ ሻለቃው ወደ አዳራሹ ዞሩ።

«ያልኩትን እናንተም ስሙት» አሉ። «ከአምስት ዓመት በፊት ውጭ አገር ሄጄ የተጫወትኩት በእሳቸው ቦታ ነው። እዚህ አዳራሽ ውስጥ ገበታው ላይ ተሸንፌ ነበር። ሰዓቱ ስህተት እንደነበረ ከመሄዴ በፊት አውቄያለሁ። አልሄድም ማለት እችል ነበር፣ መሄድ ስለፈለግኩ አላልኩም።»

እግሬ በራሱ ወደ ፊት ወሰደኝ።

«ሰዓቱ ደህና ነው ያልኩት እኔ ነኝ» አልኩ። «ደህና እንዳልነበረ እያወቅኩ ነው ያልኩት።»

እትዬ አስካለ ሁለታችንንም ተራ በተራ አዩን። ነጠላቸውን አስተካክለው ተነሡ። ግራንድ ማስተሩ እርምጃቸውን የመዘገቡበትን ወረቀት አንሥቶ፣ ሀ ለ ሐ መ የሚለውን ለረጅም ጊዜ ካየ በኋላ ስሙን ፈርሞበት ሰጣቸው። እሳቸውም አጥፈው መቀነታቸው ውስጥ ከተቱት።

እኔ በሩ አጠገብ ቆሜ ነበር። ሲወጡ ከፊቴ ቆም አሉ። ከአምስት ዓመት ወዲህ ቆመው ያነጋገሩኝ ያን ጊዜ ነው።

«ስንት ሰዓት ሆነ?» አሉኝ። «ጭዱን የሚያስገባልኝ ሰው ሳይሄድ መድረስ አለብኝ።»

የእጄን ሰዓት አየሁ። «ለአሥራ ሁለት ሩብ ጉዳይ ነው፣ እትዬ።»

«እርግጠኛ ነህ?» አሉኝና ሳቅ አመለጣቸው።

«እርግጠኛ ነኝ» አልኳቸው። ነጠላቸውን ትከሻቸው ላይ ጣል አድርገው ደረጃውን ወረዱ። እኔም እስከ ጭድ ተራ አብሬያቸው ሄድኩ።